ዶንግሉን ከአሮጌው ኮምፒውተር ጋር አትሽጡት

ይድረስ፦ ለመንግሥት መሥሪያ ቤቶችና ለግል ድርጅቶች የንብረት አስተዳደር፣ የግዥ እና የአይሲቲ ክፍሎች

ጉዳዩ፦ በዶንግል የሚሠሩ የቆዩ ሶፍትዌሮች ኮምፒውተር ሲቀየር እንዳይጠፉ ስለማድረግ

ማይክሮሶፍት ለዊንዶውስ 10 የሚሰጠውን መደበኛ ድጋፍ ጥቅምት 4 ቀን 2018 ዓ.ም. አቁሟል። ዊንዶውስ 11ን መሸከም የማይችሉ ኮምፒውተሮች ከየቢሮው ተሰብስበው ወደ ስቶር ይወርዳሉ፤ ከስቶር ደግሞ ወደ ጨረታ። ይህን ደብዳቤ የምንጽፍላችሁ ከእነዚህ ኮምፒውተሮች ጋር ተሰክቶ ስለሚሄድ አንድ ትንሽ ዕቃ ነው። ከኮምፒውተሩ ጀርባ፣ በፕሪንተር ገመዱና በፖርቱ መካከል በሁለት ብሎን ታስሮ ይገኛል፤ ወይም ፍላሽ ዲስክ መስሎ ዩኤስቢ ላይ ተሰክቷል። ዶንግል ይባላል። ለማያውቀው ሰው ተራ የገመድ መቀጠያ ነው። ለሶፍትዌሩ ግን የተከፈለው ገንዘብ በሙሉ ያለው እዚያች ፕላስቲክ ውስጥ ነው።

የጥልፍ ዲዛይን ማዘጋጃ፣ የማተሚያ ቤት ፊልምና ፕሌት ማውጫ፣ የሕንፃ ስትራክቸር ማስያ፣ የቅየሳ መረጃ ማቀናበሪያ፣ የላቦራቶሪ መሣሪያና የሲኤንሲ (በኮምፒውተር የሚመራ የመቁረጫ) ማሽን መቆጣጠሪያ፦ ብዙዎቹ ለዓመታት የተሸጡት በዚህ መንገድ ነው። ፕሮግራሙ ሲከፈት፣ አንዳንዱም እየሠራ ሳለ በየመሃሉ፣ ለዶንግሉ ጥያቄ ይልካል። ዶንግሉም በውስጡ ባለው ቺፕ አስልቶ ይመልሳል። መልሱ ካልመጣ ፕሮግራሙ ይዘጋል፣ አለዚያም ይከፈትና ፋይል ሴቭ አላደርግም ይላል። ሲዲውን መቶ ጊዜ መገልበጥ ይቻላል፤ ቺፑን ግን አይቻልም። በዚህም ምክንያት አብዛኞቹ አምራቾች የተበላሸ ዶንግል ሲመለስላቸው በመጠነኛ ክፍያ ይቀይራሉ፤ ጠፋ ለሚላቸው ግን ፈቃዱም አብሮ እንደጠፋ ቆጥረው ሶፍትዌሩን እንደ አዲስ ግዙ ይላሉ። ስለዚህ የተሰበረውንም ዶንግል አትጣሉት።

ኮምፒውተሩ ከጠረጴዛው ከመነሳቱ በፊት ጀርባውን ፎቶ አንሱ። ባለ 25 ፒኑ የፕሪንተር ፖርት ዶንግል የሚነቀለው ኮምፒውተሩም ፕሪንተሩም ጠፍተው ነው፤ መብራት እያለ መንቀል ፖርቱንም ቺፑንም ሊያቃጥል ይችላል። ሁለቱን ብሎኖች በግራና በቀኝ እያፈራረቃችሁ ፍቱ። በአንድ ወገን ብቻ ፈትቶ የሚጎትት ሰው ፒን ያጣምማል። የተጣመመ ፒን በመርፌ ጫፍ ቀስ ብሎ ይቃናል፤ ሁለተኛ ጊዜ ከተጣመመ ግን ይሰበራል። ከዚያ ጽሑፉን አንብቡ። ሃስፕ፣ ሃርድሎክ፣ ሴንቲኔል፣ ዊቡ ከሚሉት አንዱን ታገኛላችሁ፤ ከሥሩ ቁጥር አለ፤ እሱንም መዝግቡ።

ጽሑፉ በእጅ ብዛት ተፍቆ ከሆነ የዩኤስቢው ዶንግል ራሱ ማንነቱን ይናገራል። ዲቫይስ ማኔጀርን ክፈቱ፤ ዕቃውን በቀኝ ክሊክ ወደ ፕሮፐርቲስ፣ ከዚያ ዲቴይልስ ወደሚለው ገጽ ግቡና ሃርድዌር አይዲስ የሚለውን ምረጡ። የአምራቹ ቁጥር 0529 ከሆነ የአላዲን (የሃስፕና የሃርድሎክ አምራች) ነው፤ 04ቢ9 ከሆነ የሬይንቦ (የሴንቲኔል አምራች)፤ 064ኤፍ ከሆነ የጀርመኑ የዊቡ። ይህ ቁጥር ድራይቨሩ፣ ማለትም ዊንዶውስ ዕቃውን የሚያነጋግርበት ፕሮግራም፣ ባይጫንም ይታያል።

እዚህ ላይ ብዙ ባለሙያ የሚደናገርበት ነገር አለ። ዶንግሉ ላይ የተጻፈው ኩባንያ ዛሬ በዚያ ስም የለም። ሬይንቦ እ.ኤ.አ. በ2004 ከሴፍኔት ጋር ተዋሃደ፤ የእስራኤሉ አላዲንም በ2009 ወደዚያው ገባ። ሴፍኔትን በ2015 ጀማልቶ፣ ጀማልቶን ደግሞ በ2019 የፈረንሳዩ ታሌስ ጠቀለለው። ስለዚህ አላዲን የሚል ዶንግል በእጁ የያዘ ሰው ድራይቨር የሚፈልገው ከታሌስ የሴንቲኔል ገጽ ነው። ዊቡ ብቻ እስከ ዛሬ በካርልስሩኸ በራሱ ስም ይሠራል። በእነዚህ ስሞች ሌላ ገጽ ላይ የሚገኝ ድራይቨር አትጫኑ። ድራይቨር በዊንዶውሱ ልብ ውስጥ የሚቀመጥ ነገር ስለሆነ ቫይረስ ከያዘ የሚያስቆመው የለም።

አሁን ወደ ብልሽቱ። አዲስ ኮምፒውተር ላይ ዶንግሉ አልሠራም ሲል አብዛኛው ሰው ዶንግሉ ሞተ ይላል። ዶንግል ግን በቀላሉ አይሞትም፤ ብዙውን ጊዜ የቀረው ድራይቨሩ ነው። ከሶፍትዌሩ ሲዲ ጋር የመጣው ድራይቨር የተጻፈው ለ32 ቢት ዊንዶውስ ነው። ባለ 64 ቢት ዊንዶውስ 32 ቢት ድራይቨር ፈጽሞ አይጭንም። ከዊንዶውስ ቪስታ ጀምሮ ደግሞ ፊርማ (የአምራቹን ማንነት የሚያረጋግጥ ዲጂታል ማኅተም) የሌለውን ድራይቨር አይቀበልም፤ ከዊንዶውስ 10 የ1607 እትም ወዲህ ለወጡ አዳዲስ ድራይቨሮች የራሱን የማይክሮሶፍትን ፊርማ ይጠይቃል። ዊንዶውስ 11 ላይ በዚህ ሁሉ ላይ ሜሞሪ ኢንተግሪቲ የሚባል ጥበቃ አለ፤ ፊርማ ያላቸውን እንኳ ጥንታዊ ድራይቨሮች ሊያግድ ይችላል። ታግዶ እንደሆነ ለማየት ዊንዶውስ ሴኩሪቲን ክፈቱ፤ ዲቫይስ ሴኩሪቲ፣ ቀጥሎ ኮር አይሶሌሽን። የማይስማሙ ድራይቨሮች በስማቸው ተዘርዝረው ይታያሉ።

ስለዚህ የሲዲውን ድራይቨር ተዉት። የሶፍትዌሩን ሴትአፕ ስታስነሱ ድራይቨሩን ልጫን ብሎ ከጠየቀ እምቢ በሉት፤ ሳይጠይቅ ከጫነው ደግሞ ከአምራቹ የወጣውን አዲሱን የራንታይም (ድራይቨሩን የያዘው የዶንግሉ ጥቅል) ጫኝ ከማስኬዳችሁ በፊት አሮጌውን አራግፉ። ሁለት ትውልድ ድራይቨር አብሮ ሲኖር ዊንዶውሱ ቆሞ ሰማያዊ ስክሪን ሊመጣ ይችላል። ጭነቱ እስኪያልቅ ዶንግሉን አትሰኩት። ቀድሞ ከተሰካ ዊንዶውስ ያልታወቀ ዕቃ ብሎ ይመዘግበውና በኋላ ትክክለኛው ድራይቨር ቢመጣም አሮጌው ምዝገባ ካልጠፋ አይለቀውም። ጭነቱ አልቆ ሲሰካ በሃስፕ ዩኤስቢ ላይ ያለችው መብራት ልትበራ ይገባል። መብራቷ ካልበራች ችግሩ ከፕሮግራሙ በፊት፣ በድራይቨሩ ወይም በፖርቱ ላይ ነው፤ ከበራች በኋላ ፕሮግራሙ አላገኘሁትም ካለ ችግሩ ወደ ፕሮግራሙ ተዛውሯል። ይህችን መለየት ብቻ ግማሽ ቀን ታድናለች።

የሃስፕና የሴንቲኔል አዳዲስ ቁልፎች (ዶንግሎች ማለታችን ነው) ሌላም መመልከቻ አላቸው። ኢንተርኔት ማሰሻው ላይ 127.0.0.1:1947 ብላችሁ ጻፉ። ኢንተርኔት አያስፈልግም፤ ገጹ የሚመጣው ከዚያው ከኮምፒውተሩ ነው። ሴንቲኔል ኪይስ በሚለው ሥር ቁልፉ ከእነ ቁጥሩ ተዘርዝሮ ከታየ ድራይቨሩ ጤነኛ ነው። ገጹ ራሱ ካልተከፈተ አገልግሎቱ አልተነሳም፤ አብዛኛውን ጊዜ አንቲቫይረሱ አግዶት ታገኙታላችሁ።

አዲስ ሁልጊዜ ይሻላል ማለትም አይደለም። የራንታይሙ አዳዲስ እትሞች ለጥንቶቹ ቁልፎች የሚሰጡት ድጋፍ እየሳሳ ሄዷል፤ ስለዚህ ከመጫናችሁ በፊት ከእትሙ ጋር የወጣውን ማስታወሻ አንብቡ። አንድ እትም ከዶንግላችሁ ጋር ከሠራ ያንን የጫኝ ፋይል ከሶፍትዌሩ ሲዲ ቅጂ ጋር አንድ ላይ አስቀምጡት። አምራቹ ነገ ከገጹ ሊያወርደው ይችላል።

ከሁሉ የሚያስቸግረው ባለ 25 ፒኑ ነው፤ ስለ እሱ ረዘም አድርገን እንጽፋለን። ገበያ ላይ ዩኤስቢን ወደ ፕሪንተር ፖርት የሚቀይር ገመድ አለ፤ ሁሉም መጀመሪያ የሚገዛው እሱን ነው፤ ለዶንግል ግን አይሠራም። ምክንያቱን ማወቅ ይጠቅማል። የጥንቱ የፕሪንተር ፖርት በኮምፒውተሩ ውስጥ ቋሚ አድራሻ አለው፤ የመጀመሪያው ኤልፒቲ (የፕሪንተር ፖርት በኮምፒውተሩ ውስጥ የሚጠራበት ስም) በሄክሳዴሲማል 378 ነው፣ ሁለተኛው 278። የዶንግሉ ድራይቨር እዚያ አድራሻ ላይ በቀጥታ እየጻፈና እያነበበ ፒኖቹን አንድ በአንድ ከፍ ዝቅ ያደርጋል። መቀየሪያው ገመድ ግን ለዊንዶውስ የሚታየው እንደ ዩኤስቢ ፕሪንተር ነው፤ የሚታተም ጽሑፍ ያስተላልፋል እንጂ 378 የሚባል አድራሻ የለውም። ድራይቨሩ አድራሻው ላይ ያንኳኳል፤ የሚከፍት የለም። የጥልፍና የሲኤንሲ ማሽኖች ዳታ የሚቀበሉበት ሲሪያል ፖርት ግን ሌላ ነገር ነው፤ ለእሱ የዩኤስቢ መቀየሪያ በአብዛኛው ያለ ችግር ይሠራል። ሁለቱ አይምታቱባችሁ።

ተጨማሪ የፕሪንተር ፖርት ካርድ ከመግዛታችሁ በፊት የአዲሱን ኮምፒውተር ክዳን ክፈቱ። ከጀርባ የፕሪንተር ፖርት የሌላቸው ብዙ ማዘርቦርዶች በውስጣቸው ኤልፒቲ የሚል ጽሑፍ ያለበት፣ በሁለት ረድፍ የተደረደረ ባለ 26 ቦታ የፒን መስመር አላቸው፤ አንዱ ቦታ ባዶ ነው። ለዚያ የሚሆን ጠፍጣፋ ገመድ ከእነ ቅንፉ ርካሽ ዕቃ ነው፤ የሚሰጠውም እውነተኛውን የ378 አድራሻ ነው። ከዚህ የተሻለ መፍትሔ የለም። ባዮስ (ኮምፒውተሩ ሲነሳ የሚገባበት ማስተካከያ) ውስጥ ፖርቱን ክፈቱ፤ አድራሻውን 378፣ አይአርኪው የሚለውን 7 አድርጉ። የአሠራር ዓይነቱ ኢሲፒ ላይ ሆኖ ዶንግሉ ካልተገኘ ወደ ኢፒፒ፣ እሱም ካልሆነ ወደ ኖርማል ቀይሩና ሞክሩ።

ፒኑ ከሌለ ማዘርቦርዱ ላይ የሚሰካ የፒሲአይ ኤክስፕረስ ካርድ ይቀራል። ካርዱ እውነተኛ ፖርት ነው፤ ጣጣው አድራሻውን ሲስተሙ እንደ ፈለገ ማደሉ ነው፤ 378 አይሆንም። ዲቫይስ ማኔጀር ውስጥ ሪሶርስስ በሚለው ገጽ የተሰጠውን አድራሻ አንብባችሁ ለዶንግሉ ድራይቨር መንገር ያስፈልጋል። የሴንቲኔል ድራይቨር ማዋቀሪያ አድራሻ በእጅ የሚገባበት ቦታ አለው። ዶንግሉን በራሱ 378 ላይ ብቻ የሚፈልግ የጥንት ፕሮግራም ግን በካርድ አይድንም። ከመግዛታችሁ በፊት፣ አልሠራ ካለ እመልሳለሁ ብላችሁ ከሻጩ ጋር ተስማሙ።

ባለ 25 ፒኑ ዶንግል አልተገኘም የሚባልበት ሌላው ምክንያት ኤሌክትሪክ ነው። የፕሪንተር ፖርት ዶንግል የራሱ ኃይል የለውም፤ ከፖርቱ የዳታ መስመሮች ላይ እየተበደረ ነው የሚኖረው። ከጀርባው የተሰካ ፕሪንተር ጠፍቶ ከሆነ ያንን ጥቂት ኃይል ወደ ራሱ ይስባል፤ ዶንግሉ ይዳከምና አልተገኘም የሚል መልእክት ይመጣል። ፕሪንተሩን አብሩት ወይም ንቀሉት። ሦስት ዶንግል ተደራርቦ በአንድ ፖርት ላይ ሲሰካም እንዲሁ ነው፤ ሦስተኛው ላይ የሚደርስ ኃይል አይበቃም። በቅደም ተከተላቸው ቦታ ስታለዋውጧቸው ሁሉም የሚሠሩበት ጊዜ አለ።

በጣም ያረጀ ሶፍትዌር ከሆነ ደግሞ ዶንግሉ ቢገኝም አይነሳም። ባለ 16 ቢት ፕሮግራም በባለ 64 ቢት ዊንዶውስ ላይ አይሄድም፤ ዊንዶውስ 11 ደግሞ 32 ቢት እትም የለውም። ፕሮግራሙ ራሱ 32 ቢት ሆኖ ሴትአፑ ብቻ 16 ቢት የሆነበትም አለ። የዚህ ምልክቱ ሴትአፑ ገና ሲነካ ይህ ፕሮግራም በዚህ ኮምፒውተር አይሠራም የሚል መልእክት ማውጣቱ ነው። እንዲህ ሲሆን ከአሮጌው ኮምፒውተር የፕሮግራሙን ፎልደር እንዳለ መቅዳትና የሬጂስትሪ (የዊንዶውስ የማስተካከያ መዝገብ) ክፍሉን ኤክስፖርት አድርጎ ማምጣት አንዳንዴ ይበቃል። የማይበቃ ከሆነ አሮጌውን ኮምፒውተር በአዲሱ ውስጥ ማስቀመጥ ነው፤ ቨርቹዋል ማሽን ማለታችን ነው።

ለዩኤስቢ ዶንግሎች እኛ የምንመርጠው ይህንን ነው፤ ቅደም ተከተሉም እንዲህ ነው። አሮጌው ኮምፒውተር ገና እየሠራ ሳለ የሃርድ ዲስኩን ሙሉ ምስል አንሱ። ክሎንዚላ ከፍላሽ ተነስቶ ይህን በነፃ ይሠራል፤ ዲስክ ቱ ቪኤችዲ የሚባለው የማይክሮሶፍት መሣሪያም አለ፤ አዳዲስ እትሞቹ ግን በጥንቱ ዊንዶውስ ኤክስፒ ላይ አይነሱም። አዲሱ ኮምፒውተር ላይ ቨርቹዋል ማሽን የሚያስነሳውን ቨርቹዋልቦክስን ጫኑ። የማይክሮሶፍቱ ሀይፐር ቪ ለዚህ ሥራ አይሆንም፤ የዩኤስቢ ዶንግልን ለእንግዳው ሲስተም፣ ማለትም በውስጥ ለሚሠራው አሮጌ ዊንዶውስ፣ አያሳልፍም። ለኤክስፒ አንድ ፕሮሰሰርና ከ512 ሜጋባይት እስከ 1 ጊጋባይት ራም ይበቃዋል። ዲስኩን በአዲሱ የዲስክ ማገናኛ በሳታ ሳይሆን በአሮጌው በአይዲኢ አገናኙት፤ አለዚያ 7ቢ የሚል ማብቂያ ያለው ሰማያዊ ስክሪን ታያላችሁ፤ ትርጉሙ ኤክስፒ የሚነሳበትን ዲስክ የሚያነብ ድራይቨር አጣ ነው። የዩኤስቢ መቆጣጠሪያውን 2.0 ላይ አድርጉ፤ ኤክስፒ የ3.0 ድራይቨር የለውም። ከቨርቹዋልቦክስ 7.0 ጀምሮ ለዩኤስቢ 2.0 ተጨማሪ ፓኬት መጫን ቀርቷል። ከዚያ የዩኤስቢ ፊልተር ላይ ዶንግሉን ጨምሩት፤ ማሽኑ ሲነሳ ከአስተናጋጁ ኮምፒውተር ወስዶ ለኤክስፒ ይሰጠዋል። አስተናጋጁ ላይ የዶንግል ድራይቨር አትጫኑ፤ ሁለቱ ይሻሙበታል። ሃርድዌሩ ስለተቀየረ ዊንዶውሱ እንደገና አንቁኝ (አክቲቬት አድርጉኝ) ሊል ይችላል፤ ኮምፒውተሩ ላይ የተለጠፈውን የፈቃድ ቁጥር ቀድማችሁ ያዙ።

ኤክስፒ ከመጋቢት 30 ቀን 2006 ዓ.ም. ወዲህ የደህንነት ማስተካከያ አይደርሰውም። ስለዚህ የቨርቹዋል ማሽኑን ኔትወርክ ንቀሉት፤ ፋይል በጋራ ፎልደር ይግባና ይውጣ። መጨረሻም መላውን የማሽን ፎልደር ወደ ውጭ ሃርድ ዲስክ ገልብጡ። ኮምፒውተሩ ነገ ቢቃጠል ሌላ ላይ መልሶ ማስነሳት የሰዓታት ሥራ ብቻ ይሆናል።

የፕሪንተር ፖርቱን ዶንግል በቨርቹዋል ማሽን ውስጥ ማስኬድ ግን አንመክርም። በሊኑክስ የቨርቹዋል ማሽን ሥርዓት፣ በኬቪኤም ላይ፣ ፕሮሰሰሩና ባዮሱ ከፈቀዱ፣ የፒሲአይ ካርዱን እንዳለ ለእንግዳው ማሳለፍ ይቻላል፤ ነገር ግን የአድራሻው ጣጣ እዚያም ይከተላል። ለእሱ መጀመሪያ አምራቹን በዩኤስቢ ይቀይርላችሁ እንደሆነ ጠይቁ። ካልሆነ አንድ ጤነኛ አሮጌ ኮምፒውተር ለዚያ ሥራ ብቻ ለይታችሁ አቆዩ፤ ሃርድ ዲስኩን ቀይሩለት፣ አቧራውን አራግፉለት፣ በዩፒኤስ ላይ አድርጉት።

ሶፍትዌሩን በርቀት መክፈት የሚፈልጉ ቢሮዎች ሌላ ግድግዳ ይገጥማቸዋል። የአንድ ተጠቃሚ ሃስፕ በሪሞት ዴስክቶፕ ሲገባበት ያውቃል፤ ኤች0027 የሚል ቁጥር ይዞ አልሠራም ይላል። ይህ ብልሽት አይደለም፤ ፈቃዱ የተጻፈው ለአንድ ሰው አንድ ወንበር ነው። ለብዙ ተጠቃሚ የተሸጠው የኔትወርክ ዶንግል ነው፤ በሃስፕ ቤት ብዙውን ጊዜ ቀይ ቀለም አለው። እሱ ሰርቨር ላይ ይሰካል፤ ከፋየርዎሉ ደግሞ የራሱ በር ሊከፈትለት ይገባል፦ ለጥንቱ ሃስፕ 475፣ ለአዲሱ 1947፣ ለሴንቲኔል ሱፐርፕሮ 6001። ሰርቨሩ ተቀይሮ ተጠቃሚዎቹ ሁሉ በአንድ ጠዋት ፈቃድ አጣን ካሉ፣ ሌላ ነገር ከመንካታችሁ በፊት እነዚህን በሮች ተመልከቱ። ቀጥሎ በየኮምፒውተሩ ላይ የኔትሃስፕ ማዋቀሪያ ፋይል ውስጥ የተጻፈው የሰርቨር አድራሻ የአሮጌው ሰርቨር እንዳይሆን።

አንድ ርካሽ ነገርም አለ፤ ብዙ ጊዜ ይረሳል። የማዘርቦርዱ ባትሪ ሲያልቅ መብራት በጠፋ ቁጥር ቀኑ ወደ ኋላ ይመለሳል። በጊዜ የተገደበ ፈቃድ ያለው ሶፍትዌር ደግሞ ሰዓት ተነካብኝ ብሎ ይቆልፋል። መድኃኒቱ ሲአር2032 የምትባል የ3 ቮልት ክብ ባትሪ ናት። አንዳንድ ዶንግሎች ግን የራሳቸው ሰዓትና ባትሪ በሆዳቸው ውስጥ አላቸው፤ ያ ባትሪ ሲያልቅ ቢሮ ውስጥ የሚሠራ ነገር የለም፤ አምራቹ ነው የሚቀይረው። ሰዓት ያለው ዶንግል እንዳላችሁ ካወቃችሁ ሞቶ እስኪያስቆማችሁ አትጠብቁ። የዩኤስቢውንም ከፊት ለፊት አትሰኩት፤ በጉልበትና በወንበር ተመትቶ የሚሰበረው እዚያ ነው። ከጀርባ፣ ወይም በአጭር መቀጠያ ገመድ ጠረጴዛው ላይ ይታሰር።

ሥራውን ስትረከቡ ፕሮግራሙ ተከፈተ ብላችሁ አትፈርሙ። አንዳንዱ ሶፍትዌር ዶንግሉን የሚጠይቀው ሲከፈት አይደለም፤ ሴቭ ሲደረግ ወይም ወደ ማሽኑ ሲላክ ነው። የቆየ ሥራ ክፈቱ፣ አሻሽሉ፣ ሴቭ አድርጉ፣ አትሙ፣ ወደ ማሽኑ ላኩ። አሮጌው ኮምፒውተርም አዲሱ አንድ ሙሉ ወር፣ የሪፖርት ጊዜውን ጨምሮ፣ ሳይሰናከል እስኪሠራ ከቢሮው አይውጣ።

ዶንግሉን ኮፒ አድርገን ያለ ዶንግል እናስኬድላችኋለን የሚሉ ሰዎች አሉ። ኢሙሌተር ይሉታል። ሥራቸው በአብዛኛው ፊርማ የሌለው ድራይቨር ስለሆነ ዊንዶውሱን በሙከራ ሁኔታ ማስነሳትንና የዊንዶውስን አነሳስ የሚጠብቀውን ሴኪዩር ቡትን ማጥፋትን ይጠይቃል፤ የሂሳብና የደንበኛ ፋይል ያለበትን ኮምፒውተር በር ከፍቶ እንደ መሄድ ነው። የሕጉም ጉዳይ አለ። በአሜሪካ የተበላሹና መተኪያ የሌላቸውን ዶንግሎች ማለፍ እንዲቻል እ.ኤ.አ. በ2003 ልዩ ፈቃድ ተሰጥቶ በ2006 እና በ2010 ታድሶ ነበር፤ በ2012 ዝርዝር ውስጥ ግን አልገባም። የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 6 ቀን 2021 በቶፕ ሲስተምና በቤልጂየም መንግሥት ክርክር ላይ፣ ሕጋዊ ገዢ ስሕተት ለማረም ፕሮግራሙን ፈትቶ መመልከት እንደሚችል ወስኗል። የእኛው የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ሕጋዊ የፕሮግራም ባለቤት መጠባበቂያ ቅጂ እንዲይዝ ይፈቅዳል፤ ዶንግልን ግን በስሙ አያነሳም። ስለዚህ መጀመሪያ ለአምራቹ ወይም ለወኪሉ በጽሑፍ ጠይቁ፤ የግዥ ደረሰኙንና የዶንግሉን ቁጥር አያይዙ። አምራቹ ከተዘጋ ወይም ካልመለሰላችሁ የላካችሁትን ደብዳቤ ቅጂ ያዙና የሕግ ክፍላችሁን አማክሩ። በምሥጢር የሚሠራ መፍትሔ ኦዲት ሲመጣ መፍትሔ አይሆንም።

እንግዲህ ከእናንተ የምንጠይቀው ይህንን ነው። ለንብረት ክፍል፦ ዶንግል ሲገባ በሞዴል 19 ላይ ሶፍትዌር አንድ ፓኬት ተብሎ አይታለፍ፤ ዶንግሉ በራሱ መስመር፣ በቁጥሩ፣ ከየትኛው ሶፍትዌር ጋር እንደሆነ ተጽፎ ይመዝገብ። በሞዴል 22 ሲወጣም የሚፈርመው ሰው ኮምፒውተሩንና ዶንግሉን ለየብቻ ይረከብ። በላዩ ላይ የመዝገብ ቁጥር ለጥፉበት፤ ቁጥር የተለጠፈበትን ዕቃ ጽዳትም ጥገናም አይጥለውም።

ለንብረት ማስወገድ ኮሚቴ፦ ለጨረታ የቀረበ ኮምፒውተር ሁሉ ከጀርባም ከፊትም ይታይ፣ የተሰካውም ይነቀል። የመጨረሻው ተጠቃሚም በዚህ ኮምፒውተር ላይ በዶንግል የሚሠራ ሶፍትዌር የለም ብሎ ይፈርም። ያ ሰው ጡረታ ወጥቶ ወይም ሥራ ለቅቆ ከሆነ ፊርማው እስኪተካ ኮምፒውተሩ ይቆይ። ኤልፒቲ ፖርት ያላቸውን ጤነኛ ኮምፒውተሮች ሁሉ በአንድ ጊዜ አትሽጡ፤ ሁለቱን ለመለዋወጫ ስቶር ውስጥ አስቀሩ።

ለግዥ ክፍል፦ ማሽን ከእነ ሶፍትዌሩ ስትገዙ ውሉ ላይ ሦስት ነገር ይግባ። ዶንግሉ ቢበላሽ በስንት ቀንና በስንት ብር እንደሚተካ፤ አዲስ ዊንዶውስ ሲመጣ ድራይቨሩን ማን እንደሚያቀርብ፤ አምራቹ ምርቱን ቢያቆም ያለ ዶንግል የሚሠራ የመጨረሻ እትም ወይም የፈቃድ ፋይል እንደሚሰጥ። ይህን ከፊርማ በፊት ሻጩ በደስታ ይፈርማል፤ ከአሥር ዓመት በኋላ ግን ስልኩን የሚያነሳ ላይገኝ ይችላል።

ለአይሲቲ ክፍል፦ በዚህ ሳምንት ከአንድ ወረቀትና ከአንድ ስልክ ጋር በየክፍሉ ዙሩ። እያንዳንዱን ዶንግል ፎቶ አንሱ፤ ዓይነቱን፣ ቁጥሩን፣ የሶፍትዌሩን እትም፣ የዊንዶውሱን ዓይነት ጻፉ። በጣም ያረጀው ኮምፒውተር ላይ ካለው ጀምራችሁ፣ ኮምፒውተሩ ነገ ጠዋት አልነሳም ሊል እንደሚችል ቆጥራችሁ፣ የዲስኩን ምስል ዛሬ አንሱ።

ከአክብሮት ጋር
የኮምፒውተር ጥገናና የሶፍትዌር ድጋፍ ባለሙያዎች